ስድስት ጊዜ የተቆረጠው ጣት

ሰኞ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ላይ የጽዳት ሠራተኛዋ የእጅ ቀዶ ሕክምና ክፍሉን ከፍታ ስትገባ ማይክሮስኮፑ አንገቱ ብቻ ቀርቶ አገኘችው። ራሱ የለም። ሁልጊዜ ከላይ የሚለብሰው ነጭ ጨርቅ ተልፈስፍሶ ወርዷል። ሴትዮዋ መጥረጊያዋን ጥላ ኮሪደሩን በጩኸት አናወጠችው። እኔ ያን ሰዓት ሻይዬን ገና አላጋመስኩም ነበር፤ ስልኩ ሲጠራ ነው የተውኩት።

ስለ ራሴ አስቀድሜ ልናገር። የወንጀል መርማሪ ነኝ። ጡረታ ልወጣ ዓመት ከመንፈቅ ቀርቶኛል፣ ጉልበቴ ደረጃ አይወድም፣ ባለቤቴ እንደምትለው ደግሞ አፌ ከጆሮዬ ይቀድማል። ይህን የምጽፈው ጎበዝ መርማሪ ነበርኩ ለማለት አይደለም፤ በዚህ ጉዳይ ሦስት ቀን ሙሉ እንደ ዶሮ ስጭር ነው የከረምኩት። የምጽፈው ምድር ቤት ውስጥ የምትሠራ አንዲት ሴት ውለታዋ ስላለብኝ ነው።

ክፍሉ ንጹሕ ነበር። ቁልፉ አልተሰበረም፣ መስኮቱ አልተነካም። መሣሪያውን ከአንገቱ ጋር የሚያያይዙት አራት ትንንሽ ብሎኖች ተፈትተው በብረት ሳህን ላይ በሰልፍ ተደርድረዋል። ሌባ ዕቃ ሲያፈርስ ብዙ አይቻለሁ፤ ብሎን የሚያሰልፍ ግን አይቼ አላውቅም። ብሎኖቹን በወረቀት ጠቅልዬ ኪሴ ከተትኩ።

የእጅ ሐኪሟ በሩ ላይ ቆማ አዲስ መነጽሯን ደጋግማ ትወለውል ነበር። ስንት ያወጣል ብዬ ስጠይቃት ዋጋውን ተወው ዓይነት ፊት አሳየችኝና ወደ ኮሪደሩ አመለከተችኝ። አግዳሚው ላይ ቀኝ እጇ የተጠቀለለ ሴት ተቀምጣለች።

ሐኪሟ ያስረዳችኝ እንዲህ ነው። ሴትዮዋ ፀጉር ሠሪ ናት። ከስምንት ቀን በፊት የሱቋ መስታወት ከግድግዳ ወድቆ የቀኝ አውራ ጣቷንና ሌባ ጣቷን ነርቮች በጥሷል። ነገ ማክሰኞ ልትሰፋት ነበር። ነርቩ ከስፌት ክር ብዙ አይወፍርም፣ ያለ ማይክሮስኮፕ አይነካም። ሌላው እንዲህ ያለ መሣሪያ ያለበት ሆስፒታል ወረፋው አንድ ወር ነው።

«እስከ አርብ ካልሰፋሁት ጫፎቹ ይሸሻሉ» አለች። «ከዚያ በኋላ ጣቷ ይንቀሳቀሳል፤ ግን አይሰማትም።»

ፀጉር ሠሪዋ አጠገብ ሄጄ ተቀመጥኩ። አይዞሽ ማለት ፈልጌ አፌ እንደ ልማዱ ሌላ ነገር አመጣ፤ በግራሽ መሥራት አትችይም ወይ አልኳት። አልተቀየመችኝም። ከደንበኛ ጋር እያወራች በመስታወት ነው የምታየው፤ ፀጉሩን የምታውቀው በጣቷ ነው። የቱ ጋ እንደሳሳ፣ የቱ ጋ እርጥብ እንደሆነ፣ የሕፃን ጆሮ የት እንደጀመረ ጣቷ ይነግራታል። «መቀስ የያዘ እጅ ካልተሰማው እኮ ሰው ይቆርጣል፣ ጋሼ» አለችኝ። ከዚያ ወዲያ ለአርብ ስንት ሰዓት እንደቀረ በየሰዓቱ መቁጠር ጀመርኩ።

*

የጥበቃው መዝገብ እሑድ ዕለት ወደዚያ ፎቅ ሦስት ሰው መግባቱን ይናገራል፦ የጽዳት ሠራተኛዋ፣ የማደንዘዣ ባለሙያውና የጥገና ክፍሉ ሰው።

የጽዳት ሠራተኛዋን መጠርጠር ይቀላል፤ ቁልፍ አላት፣ መጀመሪያ ያየችውም እሷ ናት። ግን ሴትዮዋ በእንባዋ መሀል ማን ወለል ላይ ሻይ እንደደፋ፣ ማን ጓንት ከቅርጫት ውጭ እንደሚጥል ከነቀኑ ዘረዘረችልኝ። እሑድ ስድስት ሰዓት ላይ ወለሉን ስትወለውል ራሱ ቦታው ላይ ነበረ። ማታ አማቿ ቤት ልቅሶ ላይ ነበረች፤ አርባ ሰው ይመሰክራል። ለቀቅኳት።

የጥገናው ሰው ሁለት ዓመት ለጡረታ የቀረው ዝምተኛ ሽማግሌ ነው። ሆስፒታሉ በሙሉ «ጋሽ ብሎን» ይለዋል፤ ከኪሱ ብሎን አይጠፋም። እሑድ የውሃ ፓምፕ ሊሠራ መጥቶ፣ ሠርቶ፣ የመሣሪያ ሣጥኑን ይዞ ወጥቷል። ማይክሮስኮፑን ስለ መንካት ስጠይቀው ለእሱ የተፈቀደው አቧራ መጥረግና አምፖል መቀየር ብቻ መሆኑን ነገረኝ፤ የከፈተው ሠራተኛ ከሥራ ይባረራል፣ ደንቡ ግድግዳ ላይ ተለጥፏል። በጨዋታችን ሁሉ አንድ ጊዜ እንኳ ዓይኔን አላየኝም። የሻይ ብርጭቆውን ሲያነሳ ጣቶቹን ያያል፣ ሲያስቀምጥ ጣቶቹን ያያል። የሰው ፊት የሚፈራ ሰው ነው ብዬ አለፍኩት። የእኔ ነገር።

የቀረው የማደንዘዣ ባለሙያው ነው፤ እሱ ላይ ደግሞ ልቤ ተንጠለጠለ። ከሐኪሟ ጋር ባለፈው ወር ተጣልቷል። እሑድ ምን ልትሠራ መጣህ ሲባል ላብ በላብ ሆነ። ጃኬት ረስቼ ነበር አለ፤ ጥበቃው ግን ይዞት የወጣው ወፍራም ፖስታ ነው ይላል። ማክሰኞን ሙሉ ተከተልኩት። ረቡዕ ጠዋት ፖስታውን ይዞ አንድ ሌላ ሆስፒታል ሲገባ ከኋላው ገብቼ ያዝኩት። ውስጡ ዲፕሎማውና የሥራ ማመልከቻው ነበር። እሑድ የመጣው በመሥሪያ ቤቱ ማባዣ በነፃ ኮፒ ሊያደርግ ነው። ለሐኪሟ እንዳልነግርበት ለመነኝ። ያን ያህል ሰዓት ያቃጠለብኝን ሰው ልቆጣው አፌን ከፍቼ ሳቄ መጣ።

ቢሮ ተመልሼ ግን አልሳቅሁም። አርብ ሁለት ቀን ቀርቶታል።

*

ብሎኖቹን ጠረጴዛዬ ላይ አፈሰስኳቸውና መነጽሬን አድርጌ አንድ በአንድ አየኋቸው። በአራቱም ጠርዝ ላይ የጥርስ ምልክት አለ። ጫር ጫር ያለ፣ አዲስ፣ በሁለት በኩል። በወረንጦ የተያዙ ናቸው።

በእጄ አነሳኋቸው፤ ያለ ችግር ተነሱ። ለምን ወረንጦ አስፈለገው? ብሎኖቹን ይዤ ሐኪሟ ዘንድ ሄድኩ። ተቀብላ በመብራት ሥር አገላበጠቻቸው። ከዚያ ዓይኔን እንድጨፍን አዘዘችኝና መዳፌ ላይ አንዱን አስቀመጠች። በሁለት ጣቴ እንዳነሳው ነገረችኝ፤ አነሳሁት።

«ዓይንዎን ጨፍነው ያነሱት ጣትዎ ስለተሰማው ነው» አለችኝ። «ጣቱ የማይሰማው ሰው ይህን ብሎን መያዙንና መጣሉን አያውቅም። ስለዚህ ወረንጦ ይይዛል፣ እያንዳንዷን በዓይኑ ይከተላል፣ እንዳይጠፋበትም ያሰልፋቸዋል።»

እንዲህ ያለ ሰው ከየት ይገኛል ስላት ምድር ቤት ይሂዱ አለችኝ፤ ካርድ ክፍል፣ ቁጥሬ የሚሏትን ይጠይቁ።

*

ቁጥሬ የእናት ስሟ አይደለም። ሥራዋ የሐኪም ጽሑፍ እያነበበች እያንዳንዱን በሽታና ጉዳት ወደ ቁጥር መለወጥ ስለሆነ ነው እንዲያ የሚሏት። አርባዎቹን ያጋመሰች፣ ሹራብ የደረበች፣ እርሳስ ፀጉሯ ውስጥ የሰካች ሴት ናት። ጣቱ የማይሰማው ሰው እፈልጋለሁ ስላት ከኮምፒውተሯ ላይ ቀና እንኳ ሳትል መለሰችልኝ።

«የቱ ጣት? የየትኛው እጅ?»

«ጣት ነዋ፣ እህቴ።»

«እኛ ጋ ጣት የሚባል ነገር የለም። የቀኝ አውራ ጣት አለ፣ የግራ ትንሿ ጣት አለ፤ ሁሉም የየራሱ ቁጥር አለው። ደግሞ ያለ ፍርድ ቤት ትዕዛዝ ለወንድሜም አላሳይም።»

ተናደድኩ፣ ግን እውነቷን ነው። ትዕዛዙን እስከ ቀኑ ስምንት ሰዓት አውጥቼ ተመለስኩ። ወንበር ሰጠችኝና አሠራሩን አስረዳችኝ። ቁስል ድኖ የሚተርፍ ነገር ሲኖር፣ መደንዘዝም ይሁን ሕመም፣ ዘላቂ ጉዳት ይባላል፣ ሁለት ቁጥርም ይጻፍለታል። መጀመሪያ አሁን ያለው ችግር፣ ቀጥሎ ያ ችግር የመጣበት የድሮ ጉዳት።

«እንደ ስማችን ነው» አለችኝ። «ማን ልበል ቢሉዎት መጀመሪያ የራስዎን፣ ከዚያ የአባትዎን ይጠራሉ አይደል? መደንዘዙ ልጁ ነው፣ መቆረጡ አባቱ።»

በእጅ ቀዶ ሕክምናው ክፍል ተሰፍተው ዘላቂ የጣት ጉዳት የቀረባቸውን ፈለገች። በአምስት ዓመት ውስጥ ሁለት ሰው ብቻ ወጣ። አንዷ ሞታለች፣ ሌላው አገር ለቋል። ተስፋ ስቆርጥ ነገር መቆስቆስ ልማዴ ነው፤ እስቲ አዲስ የተቆረጡትንም አውጪልኝ አልኳት። ረጅም ዝርዝር መጣ። አብረን ወደ ታች እየወረድን ሳለ አንዱ ላይ ጣቴን አሳረፍኩ። አንድ የካርድ ቁጥር ደጋግሞ ይመጣል፤ የቀኝ አውራ ጣትና ሌባ ጣት፣ የነርቭ መቆረጥ፣ አዲስ ጉዳት። ስድስት ጊዜ።

«ይሄ ሰውዬ ቢላዋ ነው እንዴ የሚጨብጠው?» አልኩ፤ ሁለታችንም ሳቅን። የሌባ ጣቱን ስድስት ጊዜ የቆረጠ ሰው በሌብነት ምርመራ መሀል ሲገኝ አያስቅም ትላላችሁ?

ቁጥሬ ግን ሳቋን መሀል ላይ አቋረጠች። እርሳሷን ከፀጉሯ አውጥታ ቀኖቹን ቆጠረች። ተነሥታ መደርደሪያዎቹ መሀል ገባች፤ ስትመለስ የወረቀት ካርድ ይዛለች። ቆማ አነበበች። ቀለሟ ሲለወጥ አየሁ።

«ይሄ ሰው አንዴ ነው የተቆረጠው» አለች። «አምስት ዓመት ሆኖታል፤ የቆርቆሮ ጠርዝ ነው የቆረጠው። እዚሁ ተሰፋ። የቀሩት አምስቱ ሌላ ናቸው። ‹አይሰማኝም› ብሎ ነው የመጣው። ተረኛው ሐኪም ከላይ የነርቭ ጉዳት ብሎ ይጽፋል፣ የቀረበትን ከታች በደቃቁ ይጽፋል። ቁጥሩን የሞላው ሰው ላይኛውን ብቻ እያየ አዲስ ጉዳት እያለ አሳለፈው።»

«ማነው የሞላው?»

«እኔ ነኝ። ሥራ በገባሁ ዓመት።» ካርዱን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው። «ሰውዬው አምስት ጊዜ ተመላልሶ አይሰማኝም አለ፤ እኔ አምስት ጊዜ ተቆረጠ ብዬ ጻፍኩ።»

ጥፋቱን ሌላ ሰው ላይ ማላከክ ትችል ነበር፤ ካርድ ክፍሉ ውስጥ አራት ሰው ሠርቷል፣ ጽሕፈቱንም እኔ አለየውም። ሃያ ዘጠኝ ዓመት ስመረምር ሳላፋጥጥ፣ ሳላስፈራራ፣ በአንድ ቃል «እኔ ነኝ» ያለኝ ሰው እጅግ ጥቂት ነው። ካርዱን አዙራ አሳየችኝ። ሥራ የሚለው ቦታ ላይ «የሆስፒታሉ ጥገና» ይላል።

ጋሽ ብሎን። ብርጭቆውን በዓይኑ የሚያነሳው ሰውዬ።

*

ቤቱ የት እንደሆነ ሳጠያይቅ መሸብኝ፤ ሐሙስ ጠዋት ወደዚያ ልወጣ ስል ቁጥሬ ደወለች። ድምፅዋ ደክሟል። ከሥራ ሳትወጣ አምሽታ በዚያ ክፍል የተሰፉትን ሁሉ ካርድ በወረቀት አይታለች። በኮምፒውተሩ ዘላቂ ጉዳት የቀረበት ሁለት ሰው ነው፤ በወረቀቱ አሥራ ዘጠኝ። ሌሎቹንም እንደዚያው አዲስ ጉዳት እያሉ አልፈዋቸዋል። ምን እንደሚጠቅመኝ አላውቅም፣ ግን እውነቱ ይኸው ነው አለችኝ።

የጋሽ ብሎን ቤት ሁለት ክፍል ነው። ሚስቱ በሩን ስትከፍት ዩኒፎርሜን አይታ «በሉ ይግቡ፣ ደክሞታል» ብቻ አለች። መስኮቱ ሥር ጠረጴዛ ላይ የታጠበ አንሶላ ተነጥፏል። የማይክሮስኮፑ ራስ እዚያ ላይ ተከፍቶ ተቀምጧል፤ መስታወቶቹ በጥጥ ላይ፣ ብሎኖቹ በሰልፍ። ሽማግሌው በቀኝ እጁ ወረንጦ ይዞ በግራው ቀኝ እጁን ደግፏል። ቀና አለና አየኝ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ዓይኔን አየኝ። የጠየቀኝ ስለ ራሱ አልነበረም።

«የልጅቷ ቀን አለፈ?»

«ነገ ነው» አልኩት።

ወንበሩ ላይ ተደግፎ ተነፈሰ። ከዚያ ሁሉንም ነገረኝ። አምና አምፖል ሲቀይር አጮልቆ ቢያይ ውስጠኛው መስታወት ላይ ሻጋታ አይቷል። ስስ ነው፣ ጉም ይመስላል፤ ቀስ እያለ ስለመጣ የሚሠሩበት ሰዎች ዓይን ለምዶታል። የእሱ ጣት የደነዘዘው በዚያ ምክንያት ይሁን በሌላ አያውቅም፤ በዚያ ግን ሌላ ሰው እንዲሰፋ አልፈለገም። ሦስት ደብዳቤ ጻፈ። የመጣለትን መልስ ከመሳቢያ አውጥቶ ሰጠኝ፦ መሣሪያው ደህና ነው፣ በአምስት ዓመት ዘላቂ ጉዳት የቀረበት ሁለት ሰው ብቻ ነው፣ ውጤታችን የሚያኮራ ነው። ቁጥሩ ከየት እንደመጣ እኔ አውቃለሁ። ወረቀቱ እጄ ላይ ከበደኝ።

የፀጉር ሠሪዋን ነገር ሲሰማ አላስቻለውም። እሑድ ወስዶ፣ አጽድቶ፣ ሰኞ ጠዋት ሰው ሳይገባ ሊመልሰው ነበር። ሻጋታውን በሁለት ሰዓት አጸዳው። መስታወቱን የሚይዘው ስስ ቀለበት ግን አልገባለት አለ። ጣቱ አይሰማውም፣ የሚስቱ ዓይን አያይም። ሲሞክር ሲሞክር አራት ቀን ሆነው።

«ሰኞ ለምን አልተናገሩም?»

«የከፈተ ይባረራል ይላላ። ፖሊስ ሲመጣ ደግሞ ሌባ ሆንኩ። ነገ ይገባልኛል፣ ነገ ይገባልኛል እያልኩ...» አንገቱን ደፋ። «ፈሪ ነኝ፣ ኢንስፔክተር። ልጅቷን በኮሪደር ባየኋት ቁጥር ምድር ብትውጠኝ እመርጥ ነበር።»

ደንቡ ይዤው እንድሄድ ያዛል። የኤግዚቢት ዕቃ ፍርድ ቤት እስኪወስን መጋዘን ይገባል፤ መጋዘን ከገባ ደግሞ ለአርብ ቀርቶ ለከርሞም አይወጣም። ያን ጊዜ ያደረግሁት እስከ ዛሬ አልቆጨኝም። ስልኬን አውጥቼ ሐኪሟን ጠራኋት።

በግማሽ ሰዓት ደረሰች። ስትገባ ልትጮህበት ተዘጋጅታ ነበር፤ የመልስ ደብዳቤውን ሰጠኋት፣ የቁጥሬን አሥራ ዘጠኝም ነገርኳት። ቆማ አነበበችው። ከታች ያለው ፊርማ የእሷ ነው። እጇን ታጠበችና ጠረጴዛው ፊት ተቀመጠች። ጋሽ ብሎን ከኋላዋ ቆሞ መራት፦ ወደ ግራ፣ ትንሽ ጫን፣ ስትነካ ጠቅ ትላለች። እሱ ሥራውን ያውቃል፣ ጣቱ ግን አይሰማውም፤ እሷ ሥራውን አታውቅም፣ ጣቷ ግን ይሰማታል። ቀለበቱ በሦስተኛው ሙከራ ገባ።

መብራቱን አብርታ አንሶላው ላይ አነጣጥራ አየች። ቀና ስትል መነጽሯን አወለቀች።

«በሁለት ዓመት ሦስት መነጽር ቀየርኩ» አለች። «ዓይኔ ደከመ ብዬ ነበር።» ወደ ሽማግሌው ዞረች። «ጋሼ፣ ሦስቴ ጻፉልኝ። ይቅር በሉኝ።»

ጋሽ ብሎን ማልቀስ ጀመረ፤ ሚስቱም ተከተለች። እኔም ወደ መስኮቱ ዞሬ ቆምኩ፤ ፖሊስ ሲያለቅስ ለሰው አያምርም።

*

አርብ ጠዋት ፀጉር ሠሪዋ ተሰፋች። ሦስት ሰዓት ተኩል ፈጀ። ኮሪደሩ ላይ እኔ፣ ጋሽ ብሎንና የጽዳት ሠራተኛዋ አግዳሚው ላይ ተደርድረን ጠበቅን።

ሪፖርቴን ሳልደብቅ፣ ሳልጨምር ጻፍኩ፤ ዕቃውን መጋዘን አለማስገባቴንም ጻፍኩ፣ ለዚያም አለቃዬ ተቆጥቶኛል። ሆስፒታሉ ክሱን አነሣ። ጋሽ ብሎን የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ተሰጠው፣ በዚያው ሳምንትም መሣሪያውን በየወሩ እንዲያይ ታዘዘ። ሐኪሟ አሥራ ዘጠኙን ሰዎች አንድ በአንድ ጠርታ ደግማ መርምራለች። ቁጥሬ ካርዶቹን በሙሉ አርማለች፤ የጋሽ ብሎንን በመጀመሪያ። ስሙን ከነአባቱ ጻፍኩለት ብላ ነገረችኝ።

ከስምንት ወር በኋላ ደወለችልኝ። ጉልበትዎን ይዘው ይውረዱ አለችኝ። ወረድኩ። ጠረጴዛዋ ላይ የፀጉር ሠሪዋ ካርድ ተከፍቷል፤ ያን ቀን ለመጨረሻ ምርመራ መጥታ ነበር። ሐኪሟ ዓይኗን አስጨፍና ጣቶቿን በሁለት ቀጫጭን ጫፎች ስትነካ፣ ሁለት መሆናቸውን በሁለቱም ጣቶቿ ለይታለች። ሳትጠየቅም የሐኪሟን እጅጌ ዳብሳ ጨርቁ የጥጥ ነው ብላታለች።

ቁጥሬ እርሳሷን ይዛ ካርዱን ታየዋለች።

«ምን ልትጽፊ ነው?» አልኳት።

«መጀመሪያው መስመር ላይ አሁን ያለባት ችግር ይጻፋል» አለች። «የለባትም። እሱ ከሌለ ሁለተኛውም የለም። ፈልጌ ፈልጌ የምጽፈው አጣሁ፣ ኢንስፔክተር።»

«እሰይ» አልኳት። «እግዜር ይስጥሽ፣ እህቴ።»

እሷም በሹራቧ እጅጌ ዓይኗን ጠረገችና ካርዱን ወደ እኔ አዞረችው። በሥራ ዘመኔ ባዶ መዝገብ አይቼ ደስ ያለኝ ያን ቀን ብቻ ነው።